ሰይፍን እንቢ ያሉ ሰዎች



በእንግሊዝ አገር ንጉሡና ፓርላማው እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1642 ዓ.ም. ጦር ተማዘዙ። በ1649 ንጉሥ ቀዳማዊ ቻርልስ በሞት ተቀጣ። በዚያ የሁከት ዘመን ጆርጅ ፎክስ የተባለ፣ በልጅነቱ ከጫማ ሰፊ ዘንድ ሥራ የተማረ ሰው፣ የክርስቶስ ብርሃን በሰው ሁሉ ልብ አለ እያለ ያስተምር ጀመር። ተከታዮቹም ኩዌከሮች ተባሉ።

ፎክስ በ1651 በደርቢ ከተማ ታስሮ ሳለ በፓርላማው ጦር ውስጥ የሻምበልነት ሹመት ቢሰጡት እንቢ አለ፤ ስለዚህም እስራቱ ጸናበት። በ1660 ዘውዱ ቢመለስም መከራው አልቀረም። በጥር 1661 ሌላ ወገን በለንደን ባመፀ ጊዜ ጥርጣሬው በኩዌከሮችም ላይ ወድቆ ከ4,000 የሚበልጡ ታሰሩ። እነርሱ ግን ስለ ማናቸውም መንግሥት ብለው የጦር መሣሪያ እንደማያነሡ ለንጉሥ ዳግማዊ ቻርልስ በጽሑፍ አስታወቁ።

በ1682 በብሪስቶል ከተማ አዋቂዎቹ ወኅኒ በወረዱ ጊዜ፣ ልጆቻቸው እየተደበደቡ እንኳ የጸሎቱን ጉባኤ አላስታጐሉም። የአምልኮ ፈቃድ በሕግ የተሰጠው በ1689 ነው።

እነዚያ ልጆች የወላጆቻቸውን ቃል በጆሮአቸው ሰሙ፤ ስለ ቃላቸውም ሲታሰሩ በዓይናቸው አዩ። የመምህርም ትምህርት በተማሪው ልብ የሚጸናው እንዲሁ ተሰምቶ ሲታይ ነው።