ከጊዮርጊስ ለገሃር፤ በባቡር ወይስ በአውቶቡስ?

አዲስ አበባ ውስጥ ከጊዮርጊስ ለገሃር መውረድ የፈለገ ሰው የቸርችልን ጎዳና ይዞ ቁልቁል በሚሄድ አውቶቡስ ወይም ታክሲ ይሳፈራል፤ አለዚያም መስከረም 2008 ዓ.ም. ሥራ የጀመረውን ቀላል ባቡር ይመርጣል። የባቡሩ የሰሜን ደቡብ መስመር ጊዮርጊስ አጠገብ ካለው ከምኒልክ አደባባይ ተነስቶ በአትክልት ተራ፣ በጎጃም በረንዳና በአውቶቡስ ተራ ይዞራል፤ ከዚያ በልደታና በሜክሲኮ በኩል ለገሃር ይደርሳል። ዙሩ ረጅም ነው። ይህን የዕቅድ ጉድለት የሚሉት አሉ፤ እኔ አልስማማም። መስመሩ የመርካቶን ገበያተኛ ለመድረስ ሲል ዞሯል፣ ዙሩም ይገባዋል። የሚያሳስበው ባቡሩ ካለ አውቶቡሱ ቢቀንስም ግድ የለም የሚለው አስተሳሰብ ነው።

«አውቶቡስ እኮ መጨናነቅ ውስጥ ይቆማል፣ ባቡር ግን የራሱ ሐዲድ አለው» የሚል መከራከሪያ ይነሳል። እውነት ነው። ነገር ግን ሐዲድ አንዴ ከተነጠፈ ነዋሪውን ተከትሎ አይሄድም። በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ ሰፈሮች ሲፈርሱ ብዙ ሰው ወደ ከተማዋ ዳርቻ ተዛውሯል፤ ሥራው፣ ዕድሩና ደብሩ ግን እዚያው ፒያሳ የቀረበት ጥቂት አይደለም። ለዚህ ሰው በቶሎ አዲስ መስመር ሊከፈትለት የሚችለው በአውቶቡስ ነው፤ አንበሳም ይሁን ሸገር። መጨናነቁን በተመለከተ፣ አንድ ሙሉ አውቶቡስ የሚጭነውን ሰው በቤት መኪና እናጓጉዝ ብንል በርካታ መኪና ያስፈልጋል፤ ቸርችል ጎዳናም ይበልጥ ይጨናነቃል። ስለዚህ የከተማው አስተዳደር ከዳርቻ ሰፈሮች በቀጥታ ጊዮርጊስ የሚገቡ አውቶቡሶችን ይጨምር፤ ከጎዳናውም አንዱን ረድፍ ለእነሱ ብቻ ይልቀቅ።