«የእግር ቁስል» ብቻ ተብሎ እንዳይመዘገብ
ለሰበካ ጉባኤያት ተወካዮችና ለካህናት በተዘጋጀ ሥልጠና ላይ የቀረበ ንግግር



የዛሬው ርእሳችን ሲሰማ የካርድ ክፍል ሥራ እንጂ የእኛ ሥራ አይመስልም። ይኸውም በስኳር ሕመም ምክንያት ቆዳው የተጎዳ ሰው ወደ ጤና ተቋም ሲሄድ ሕመሙ በምን ስምና በምን መለያ ቁጥር ይመዘገባል የሚለው ነው። ይህች አንዲት መስመር የሕመምተኛውን እግር ለማትረፍ ልትረዳም ልታዘገይም ስለምትችል ጊዜያችሁን ልንወስድ ደፍረናል።

የዓለም ጤና ድርጅት የሚያሳትመው ዓለም አቀፍ የበሽታዎች ምደባ አለ። ዐሥረኛው እትም እ.ኤ.አ. በ1990 የጸደቀ ሲሆን፣ ዐሥራ አንደኛው እ.ኤ.አ. ከ2022 መጀመሪያ አንሥቶ ሥራ ላይ ውሏል። አሠራሩን ለመረዳት ዐሥረኛው ይበቃናል። በእርሱ ዓይነት 1 የስኳር ሕመም ኢ10፣ ዓይነት 2 ደግሞ ኢ11 ይባላል። ከነጥቡ በኋላ የሚመጣው አኃዝ ሕመሙ ያስከተለውን ጉዳት ይናገራል፤ 2 ኩላሊትን፣ 3 ዓይንን፣ 4 ነርቭን፣ 5 የደም ዝውውርን ያመለክታል። ከስኳር የመጣ ቁስልና ጋንግሪን በዚሁ በ5 ሥር ይገኛሉ። 9 ግን ምንም ተከታይ ጉዳት የለም ማለት ነው። እንግዲህ ከስኳሩ የተነሣ እግሩ የቆሰለ ሰው ኢ11.9 ተብሎ ቢመዘገብ፣ መዝገቡ ስለ እግሩ ጤንነት በሐሰት መሰከረ ማለት ነው።

አሜሪካውያን ይህንኑ እትም ለራሳቸው አስፍተው እ.ኤ.አ. ከ2015 ጀምሮ ይሠሩበታል። በእነርሱ ዘንድ ቆዳ የራሱ ስፍራ አለው፤ ኢ11.620 ከስኳር የመጣ የቆዳ ብግነት፣ ኢ11.621 የእግር ቁስል፣ ኢ11.622 ሌላ የቆዳ ቁስል፣ ኢ11.628 የቀሩት የቆዳ ጉዳቶች ናቸው። ለእግር ቁስሉ ኤል97 የሚል ሁለተኛ ቁጥር ይታከልና በቀኝ ነው ወይስ በግራ፣ በተረከዝ ነው ወይስ በሌላው የእግር ክፍል፣ ቆዳ ላይ ቀርቷል ወይስ እስከ ጡንቻና አጥንት ዘልቋል የሚለው ይመዘገባል። ከዚህ ዝርዝር ብዙው ለክፍያ ጥያቄ የሚውል ነው፤ ለገጠር ጤና ጣቢያ እንዲህ ያለውን ሸክም አንመኝም። ጥያቄዎቹ ግን መልካም ናቸው፦ ቁስሉ የት ነው? ምን ያህል ጠልቋል? ከምንስ የተነሣ ነው?

ሦስተኛው ጥያቄ ከሁሉ ይበልጣል። ስኳር በደም ውስጥ ለዓመታት ሲበዛ የእግርን ነርቭ ይጎዳል፤ ሕመምተኛው እሾህ ቢወጋው፣ ጠጠር ቢቆረቁረው አይሰማውም። የደም ሥሮችም ስለሚጠቡ ቁስሉ ቶሎ አይሽርም። «የእግር ቁስል» ተብሎ ብቻ የተጻፈለት ሰው ቁስሉ ታጥቦና ታሽጎ ወደ ቤቱ ሊመለስ ይችላል። ቁስሉ ከስኳሩ ጋር ተያይዞ ሲጻፍ ግን በሚቀጥለው ቀጠሮ ካርዱን የሚያነበው ሌላ ባለሙያ እንኳ ስኳሩን መለካት፣ የእግሩን ስሜትና የደም ምት መመርመር፣ በቁስሉ ላይ ጫና እንዳይበዛ ማድረግ፣ ካስፈለገም በጊዜ ሪፈር መጻፍ እንዳለበት ያውቃል። የተቋሙ ሪፖርትም የሚነሣው ከዚሁ መዝገብ ነው፤ በሪፖርት ላይ ያልታየ ቁስል በዕቅድና በበጀት ላይ አይታይም።

ይሁንና በስኳር ሕመምተኛ እግር ላይ የወጣ ቁስል ሁሉ ከስኳር ነው አንልም። ቃጠሎ አለ፣ ዝሆኔ አለ፣ በጣቶች መካከል የሚወጣ ፈንገስ አለ። የሚለየው ባለሙያው ነው፤ ቁጥሩን የሚሰጠውም የጤና ተቋሙ ነው። ከኮሚቴ አባል የሚጠበቀው ሕመምተኛውን ማጀብ፣ የቀድሞ ካርዱንና የሪፈር ወረቀቱን ማስያዝ፣ ስኳር እንዳለበት ሳይጠየቅም እንዲናገር ማሳሰብ፣ በመጨረሻም «ቁስሉ ከስኳሩ የመጣ ከሆነ በካርዱ ላይ ተጽፎልናል?» ብሎ በትሕትና መጠየቅ ነው። ይህን ጥያቄ እንደ ድፍረት የሚቆጥሩት ወገኖች አሉ፤ እኛ ግን መብት ነው እንላለን።

አባቶች ሆይ፣ ወደ ቤተ መቅደስ ጫማችንን አውልቀን እንገባለን። በቀትር ፀሐይ የጋለ የደጀ ሰላም ድንጋይ ለጤነኛው ያስቸኩለዋል፤ እግሩ ለደነዘዘው ግን ቆዳው እየተቃጠለ ቀስ ብሎ ያልፍበታል። እነዚህ ምእመናን ንጹሕ ካልሲ እንዲያደርጉ፣ ጫማቸውን እስከ መግቢያው በር ድረስ እንዲያቆዩ፣ ከቅዳሴ መልስ የእግራቸውን መርገጫ እንዲያዩ ወይም እንዲያሳዩ፣ ጫማቸውንም ሳያራግፉ እንዳያጠልቁ ብትነግሯቸው ከእኛ ቃል ይልቅ የእናንተ ይሰማል። ስለ ጾምና ስለ ጸበል ለሚጠይቋችሁም መድኃኒታቸውን በራሳቸው እንዳያቋርጡ፣ የጾሙንም ነገር ከንስሐ አባታቸውና ከሐኪማቸው ጋር እንዲመክሩ ንገሯቸው።

ከዚህ በኋላ የምናድላችሁ ወረቀት አራት መስመሮች አሉት፦ ስኳሩ የታወቀበት ጊዜ፣ የሚወሰደው መድኃኒት፣ ቁስሉ የጀመረበት ቀን፣ ቁስሉ ያለበት ስፍራ። ማንበብ ለማይችል ሰው የኮሚቴው ጸሐፊ ይሙላለት። ወረቀቱ ከሕመምተኛው ጋር ወደ ጤና ጣቢያ ይሄዳል፤ ቅጂው በሰበካ ጉባኤ ጽሕፈት ቤት አይቀመጥም፣ የማንም ሕመም በዐውደ ምሕረት አይነገርም።