ውሃው ያልደረሰበት መሬት



ዛሬ እዚህ ኮምቦልቻ የምትመረቁ ወጣቶች፣ ስልካችሁ ላይ የምታዩትን የጃፓን ካርቱን እኔም አልፎ አልፎ በትከሻችሁ በኩል እሰርቃለሁ። ደሴቶች በሰማይ ይንሳፈፋሉ፤ የአስማት ማዕበል ይነሣል፤ ከተማው ከነቤተ መንግሥቱ ይገለበጣል። ደስ ይላል፣ አልቃወምም። ግን ይህን የሚያህል ታሪክ ፍለጋ ጃፓን ድረስ መሄድ አያስፈልግም። ከደሴ ወደ ሰሜን 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ብትጓዙ ሐይቅ ትደርሳላችሁ።

የሀገሬው አፈ ታሪክ እንዲህ ነው። ዛሬ ውሃ የተኛበት ቦታ ሁሉ ድሮ መሬት ነበር። አንዲት ነፍሰ ጡር ሴት ነበረች፤ አንዲት ልዕልት በደለቻት። ፈጣሪ በበደሉ ተቆጣና ምድሩን ውሃ አደረገው። ልዕልቲቱ ከነዘመድ አዝማዷ፣ ከነወዳጆቿ ሰጠመች። ውሃው ያልደረሰበት አንድ ቦታ ብቻ ቀረ፤ ያቺ ሴት የተቀመጠችበት። እሱም ደሴት ሆነ።

እኔን የሚከነክነኝ ግን ተረቱ የዘለለው ነገር ነው። በበደሉና በውሃው መካከል ስለነበሩት ሰዎች አንድም ቃል የለም። ልዕልቲቱ ብቻዋን አልኖረችም። ዘመድ ነበራት፣ ባለሟል ነበራት፤ የተማረ ሰውም አይጠፋም ነበር። ከዚያ ሁሉ ሰው «ኧረ ተይ» ያለ አንድ እንኳ አልተነገረልንም። አብረው የሰጠሙት ለምን ይሆን ብዬ ስጠይቅ የማገኘው መልስ ይኸው ነው።

ደሴቱ ዛሬ ደሴት አይደለም። ውሃው ሸሽቶ ከየብሱ ጋር ስለተያያዘ በእግር ይገባል። በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አቡነ ኢየሱስ ሞዓ የሐይቅ እስጢፋኖስን ገዳም የመሠረቱት እዚያ ላይ ነው። አቡነ ተክለ ሃይማኖትም እዚያ ተምረዋል። የገዳሙ አበምኔት «ዓቃቤ ሰዓት» እየተባለ ቃሉ በቤተ መንግሥት የሚሰማበት ዘመን መጣ። የተበደለች ሴት የተቀመጠችበት መሬት የሀገር ትምህርት ቤት ሆነ ማለት ነው። በነገራችን ላይ ወደ ገዳሙ ሴት አትገባም። የገዳም ሥርዓት ነውና አልከራከርም፤ ይህን ተረት ባስታወስኩ ቁጥር ግን ፈገግ እላለሁ።

ፈረንጆቹም የሚንሳፈፍ ደሴት አላቸው። ጆናታን ስዊፍት እ.ኤ.አ. በ1726 ባሳተመው የጉሊቨር ጉዞዎች ውስጥ ላፑታ የምትባል ደሴት በአየር ላይ ትንሳፈፋለች። ንጉሡ የሚኖረው እላይ ነው። ከታች ያለ ከተማ ሲያምፅበት ደሴቷን አናቱ ላይ አቁሞ ፀሐይና ዝናብ ይከለክለዋል፤ ድንጋይም ያወርድበታል። የባሰ እንደሆነ ደሴቷን ራሷን ይጭንበታል። ይህን የመጨረሻውን ግን ደፍሮ አያደርገውም፤ የደሴቷ ወለል እንዳይሰነጠቅ ይፈራል። የስዊፍት ደሴት የበዳዩ ነው፤ የሐይቁ የተበዳይዋ። እኔ የሐይቁን እመርጣለሁ።

ኢንጂነሮች ስለሆናችሁ «ተረት አታውራብን፤ ሐይቁ ምድር ተሰንጥቆ በሰመጠ ቦታ ላይ የተፈጠረ ነው» ትሉኛላችሁ። ልክ ናችሁ። ተመራማሪዎች ከሐይቅና ከጎረቤቱ ከአርዲቦ ወለል ጭቃ አውጥተው፣ በውስጡ የተቀበረውን የአበባ ብናኝ በማይክሮስኮፕ ቆጥረው ያለፉትን 3,000 ዓመታት አንብበዋል። የዝግባና የጥድ ደን ከ2,500 ዓመት ገደማ በፊት ተመንጥሮ ክትክታና ሣር ተተካ። እ.ኤ.አ. ከ1400 እስከ 1700 ባለው ጊዜ ጥዱና ወይራው መልሶ በቀለ። ባለፉት ሦስት መቶ ዓመታት እንደገና ተጨፈጨፈ፤ አፈሩም ታጠበ። ተረቱ በአንድ ቀን የጨረሰውን ጥፋት ጭቃው ቀስ እያለ፣ በየትውልዱ ይመዘግበዋል። የሄደ ደን አንድ ጊዜ ተመልሶ እንደነበርም የነገረን ይኸው ጭቃ ነው።

ማዕበል ባልኩ ቁጥር ሐሳባችሁ ወደ 2014 ዓ.ም. የጥቅምት ጦርነት እንደሚሄድ አውቃለሁ። የሁላችሁም ቤት የየራሱ አለው፤ ዛሬ በደስታችሁ ቀን አልነካውም። ስለ ቀደመው ላውራ።

በ1965 ዓ.ም. የወሎ ገበሬ በሬውን ሸጦ፣ ዘሩን በልቶ፣ ቤተሰቡን ይዞ ወደ አውራ ጎዳናው ወረደ። ዝናቡ የቀረው ቀድሞ ነበር፤ መንግሥት ግን ረሃቡን ደበቀ። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ወሎ ድረስ መጥተው ፎቶግራፍ አነሡና አዲስ አበባ ወስደው አሳዩ። ሥራቸው ማስተማር ነበር፤ ማንም አላዘዛቸውም። በጥቅምት 1966 የእንግሊዛዊው ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢ ፊልም ለዓለም ታየ። በ1967 የዘመን መለወጫ ምሽት ፊልሙ ከቤተ መንግሥት ድግስ ምስል ጋር ተሰባጥሮ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። በማግሥቱ፣ መስከረም 2፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ዙፋኑን የጣለው ረሃቡ ብቻ ነው አልልም፤ ወታደሩም፣ ተማሪውም፣ የነዳጅ ዋጋም ነበረበት። ነገር ግን የሐይቅን ተረት ለሚያውቅ የወሎ ሰው ነገሩ አዲስ አልነበረም።

እና እናንተ? ከደሴ ኮምቦልቻ 25 ኪሎ ሜትር በማይሞላ መንገድ ወደ 600 ሜትር ቁልቁል ነው። የቦርከና ወንዝ ደሴ የጣለችውን ሁሉ ይዞ እዚህ ይወርዳል፤ ከዚህም ፋብሪካው የሚጨምርለትን ጨምሮ ወደ ከሚሴ ይሄዳል። ደሴ ራሷ በጦሳ ተራራ ግርጌ፣ በሚንሸራተት አፈር ላይ ሰፈር የሠራች ከተማ ናት። አንድ ክረምት ወደዚያ ዳገት ትላካላችሁ። አንዲት እናት ግድግዳዋን ታሳያችኋለች። በጭቃ የደፈነችው ስንጥቅ እንደገና ተከፍቷል። «ልጄ፣ ይሄ አምና ጣቴንም አያስገባም ነበር» ብላ እጇን እስከ አንጓዋ ታስገባበታለች። ከወንዙ ዳር ያለ ገበሬ ደግሞ «ከብቶቼ ከዚህ ውሃ አንጠጣም አሉ» ይላችኋል። በያዛችሁት ቅጽ ላይ «የነዋሪዎች አስተያየት» የምትል ጠባብ ሣጥን አለች፤ ብዙ ጊዜ «የለም» ተብላ ትታለፋለች።

የሴትዮዋ እጅ መለኪያ ነው። አምናና ዘንድሮ እየተነጻጸረ የተወሰደ ልክ ነው፤ ከቢሮ የመጣው መሣሪያ ገና ዛሬ ነው የደረሰው። መሣሪያውን አትናቁ፤ እሷን አስቀድሙ።

ልጆቼ፣ አንድ ነገር ብቻ እለምናችኋለሁ። የመጀመሪያ ሥራችሁ ላይ ያቺን ሣጥን ባዶ አትተዉ። የተባላችሁትን በተባለበት ቃል፣ ከነቀኑ ጻፉት። አለቃችሁ ጠረጴዛ ላይ አድርሱት፤ መልስ ካጣ ቅጂውን ይዛችሁ ተመለሱ፤ አሁንም ዝም ካሏችሁ በሦስተኛው ሳምንት እንደገና ሂዱ።