አንድ ተራራ፣ ሁለት ድካም፦ የእንጦጦ ዳገትና የሰውነታችን ኬሚስትሪ



ማልዶ ከየካ ወደ እንጦጦ የሚያቀና ሰው ሁለት ዓይነት መንገደኛ ይመለከታል። አንደኛው የስፖርት ጫማ አጥልቆ ዳገቱን ይወጣል። ሁለተኛዋ የባሕር ዛፍ ጭራሮና ቅጠል በጀርባዋ ተሸክማ ቁልቁል ትወርዳለች። ሁለቱም ያልባቸዋል፤ የሁለቱም ልብ በፍጥነት ይመታል። ታዲያ ለአንዱ መድኃኒት የሆነው ድካም ለሌላዋ ስለምን ሕመም ይሆናል?

በቅድሚያ ዳገቱ በሰውነት ውስጥ የሚያደርገውን እንይ። የእንጦጦ ከፍታ ወደ 3,200 ሜትር ይጠጋል፤ በዚያ ከፍታ አንድ ትንፋሽ የሚያስገባው ኦክስጅን በባሕር ወለል ከሚያስገባው በአንድ ሦስተኛ ገደማ ያንሳል። ኦክስጅን ሲያንስ ኩላሊት ኤሪትሮፖየቲን የተባለውን ሆርሞን ያመነጫል፤ መቅኒም በዚህ ምልክት ተጨማሪ ቀይ የደም ሕዋሳትን ይሠራል። ሯጮች ከፍታ ላይ መለማመድን የሚመርጡበት አንዱ ምክንያት ይኸው ነው። በእንቅስቃሴ ላይ ያለ ጡንቻ ደግሞ ኢንሱሊንን ሳይጠብቅ ስኳርን ከደም ይወስዳል። የማለዳ ብርሃን ሜላቶኒንን ገትቶ የሰውነትን ሰዓት ያስተካክላል፤ ፀሐይ ከፍ ስትል ቆዳችን ቫይታሚን ዲ ይሠራል።

ከሩጫ በኋላ የሚሰማን ደስታ በተለምዶ የኢንዶርፊን ሥራ ነው ይባላል። ይሁን እንጂ በደም ውስጥ የሚዘዋወረው ኢንዶርፊን ወደ አንጎል የሚያስገባውን አጥር በቀላሉ አያልፍም። ስለዚህ ተመራማሪዎች አጥሩን ለሚያልፈው አናንዳማይድ የበለጠ ትኩረት መስጠት ጀምረዋል።

ይህ ሁሉ ጥቅም ግን ያለ ምግብና ያለ ዕረፍት አይገኝም። ቀይ ደም ያለ ብረት ማዕድን አይሠራም። ኮርቲሶል ለጥቂት ጊዜ ከፍ ብሎ ሲመለስ ጉልበት ይሰጣል፤ ሳይወርድ ሲሰነብት ግን እንቅልፍ ይነሳል፣ ጡንቻን ያሟሽሻል፣ በሽታ የመከላከል አቅምን ያዳክማል። ብዙ ጊዜ ከ30 ኪሎ ግራም በላይ የምትሸከም፣ በቂ ሳትበላ በማግስቱ የምትደግም ሴት ሰውነቷ የሚጠገንበት ፋታ የለውም። የሙያ ጤና ተመራማሪዎችም በትርፍ ጊዜ የሚደረግ እንቅስቃሴ ልብን ሲጠብቅ፣ በሥራ ላይ የሚያጋጥም ከባድ ድካም ያንኑ ጥቅም ላይሰጥ፣ እንዲያውም ሊጎዳ እንደሚችል አስተውለዋል።

የዓለም ጤና ድርጅት ለአዋቂዎች በሳምንት ቢያንስ 150 ደቂቃ መካከለኛ እንቅስቃሴ ይመክራል። በ2013 ዓ.ም. የተከፈተው የእንጦጦ ፓርክ ለዚህ ምቹ ስፍራ ነው። ሆኖም ተራራው ለጤና ያለውን ዋጋ በጎብኚ ብዛት ብቻ ከለካን ግማሹን እንረሳለን። ቀኑን ሙሉ በወንበር ላይ ለሚውለው ነዋሪ ምክራችን «ውጣ፣ ተራመድ» ነው። ለጭራሮ ተሸካሚዋ ግን ምክሩ የሸክም መቅለል፣ በቂ ምግብና ሌላ የገቢ ምንጭ ነው፤ ይህን ደግሞ ሐኪም ብቻውን አያዝም፣ ከተማው ሊተባበር ይገባል።

ስለዚህ ተማሪዎቼ፣ ነገ በሕሙማን ፊት ስትቀመጡ «ምን ያህል ይንቀሳቀሳሉ?» ብላችሁ አትብቁ። «ከዚያስ በኋላ ያርፋሉ ወይ?» ብላችሁም ጠይቁ።