ከመደብር ወደ ጉምሩክ ወንበር፦ ነጋድራስ አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በድሬዳዋ



ዛሬ የተሰበሰብንባት የናይሮቢዋ ኢምባካሲ ባሕር የላትም፤ ወደብ ግን አላት። ሞምባሳ ላይ ከመርከብ የወረደ ኮንቴይነር በባቡር ተጭኖ እዚህ ይደርስና ፍተሻውም ቀረጡም እዚሁ ያልቃል። ደረቅ ወደቡ የተከፈተው በ1984 ነው፤ ከ2018 ወዲህ ጭነቱ የሚመጣው በአዲሱ ሰፊ ሐዲድ ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር እጠራለሁ፤ ናይሮቢ የለመዳችሁት እርሱን ነው።) ዕቃ ከጉምሩክ ማስወጣት ምን እንደሚመስል ከመካከላችሁ በንግድ የምትተዳደሩት ከእኔ ይልቅ ታውቁታላችሁ። እኔ ይዤ የመጣሁት በሌላ የባቡር ከተማ፣ በሌላ የጉምሩክ በር ላይ የተሾሙ የአንድ ነጋዴ ታሪክ ነው።

ድሬዳዋ ከባቡር ጋር የተወለደች ከተማ ናት። ከጅቡቲ የተነሣው ሐዲድ በ1902 ደረሰባት፤ አዲስ አበባ ለመግባት እስከ 1917 ቆየ። በነዚያ ዓመታት ቡናው፣ ቆዳውና ዝባዱ በእርሷ በኩል ሲወጣ አቡጀዴው በእርሷ በኩል ይገባ ነበር። ከደቻቱ ወንዝ በአንዱ ወገን ከዚራ፣ የባቡር ኩባንያውና የፈረንጆቹ ሰፈር፤ በሌላው ወገን መጋላ። ከዚህ ሁሉ መተላለፍ የመንግሥትን ድርሻ የሚያስቀር ሹም ነጋድራስ ይባላል። ሹመቱ ጥንት የሲራራ ነጋዴዎች አለቅነት ነበር፤ በምኒልክ ዘመን የከተማ ገበያና ቀረጥ ኃላፊነት ሆነ። ክብደቱን ለመገመት የአዲስ አበባውን ነጋድራስ ኃይለ ጊዮርጊስን ማየት ይበቃል፤ ምኒልክ የመጀመሪያዎቹን ሚኒስትሮች ሲሾሙ ንግድንና የውጭ ጉዳይን አብረው የተረከቡት እሳቸው ናቸው።

አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1868 በዘጌ ተወለዱ። ወደ ጣሊያን የተላኩት ሥዕል ሊማሩ ነበር። ኋላም ኔፕልስ በሚገኘው የምሥራቃውያን ቋንቋዎች ተቋም አማርኛ አስተማሩ፤ በ1908 ሮም ላይ ያሳተሙት «ልብ ወለድ ታሪክ» የአማርኛ ልብ ወለድ በኩር ሆነ። በዚያ መጽሐፍ ውስጥ የተማረከውን የጦር አለቃ ከባርነት የሚያወጣው ንጉሥ ወይም ቄስ ሳይሆን የአንድ ነጋዴ ገንዘብ መሆኑን ልብ በሉልኝ። ውለታውን ለመመለስ የሚደረገው ጉዞም ታሪኩን ወደፊት ይገፋዋል። ደራሲው ይህን ሲጽፉ ገና ነጋዴ አልሆኑም። ነጋዴ የሆኑት በ1912 ገደማ አስመራ ከገቡ በኋላ ነው፤ ልጅ ኢያሱ ከሥልጣን ከወረዱ በኋላ ወደ ኢትዮጵያ እስኪመለሱ ድረስም በንግድ ኖሩ። ከ1922 እስከ 1925 ደግሞ የድሬዳዋ ነጋድራስ ሆኑ።

ለዚህ ወንበር ነጋዴ ለምን ተፈለገ? መልሱ በ1908 ከፈረንሳይ ጋር በተፈረመው የክሎቡኮቭስኪ ውል ውስጥ አለ። ውሉ በሚገባ አብዛኛው ዕቃ ላይ የሚወሰደውን ቀረጥ ከዋጋው በመቶ 10 አድርጎ አሰረው። ከዚያ በኋላ መንግሥት መጠኑን እንደ ልቡ ከፍ ማድረግ አይችልም። የሚቀረው ክርክር አንድ ብቻ ነው፦ የዕቃው ዋጋ ስንት ነው? መቶ ብር የወጣበትን ጥቅል ነጋዴው ስድሳ ብሎ ካስመዘገበ መንግሥት አራት ብር አጣ ማለት ነው። ይህን የሚይዘው ጨርቁን ዳስሶ፣ የግዢ ሰነዱን በቋንቋው አንብቦ፣ ማርሴይ ላይ በስንት እንደሚሸጥ የሚገምት ሰው ነው። ባለ ጋሻው መኳንንት ይህን ከየት ያመጡታል? ፈረንሳይኛና ጣሊያንኛ የሚያውቅ፣ ራሱ ዕቃ አስመጥቶ የሸጠ ሰው ግን ያውቀዋል። ኢምባካሲ ላይ ዛሬ ትራንዚተርና ፈታሽ የሚጨቃጨቁት በዚሁ ነገር መሆኑን ልነግራችሁ አያስፈልግም።

ውሉ ሌላም ቋጠሮ ነበረው፤ የውጭ ዜጋ የተከሰሰበት ጉዳይ የቆንስሉ እጅ ሳይገባበት አይታይም። ስለዚህ የድሬዳዋ ነጋድራስ ግማሽ ሥራው ቀረጥ፣ ግማሽ ሥራው ዲፕሎማሲ ነበር። አፈወርቅ በ1925 ከጉምሩክ ተነሥተው የኢትዮጵያውያንና የውጭ ዜጎች ሙግት የሚታይበትን ልዩ ፍርድ ቤት እንዲመሩ መደረጋቸው ከዚህ አንጻር አያስደንቅም። በበሩ ላይ የጀመሩትን ክርክር ፍርድ ቤት ገብተው ቀጠሉት ማለት ነው።

የእኛ ሰው ነጋዴ ሲሾም ወዲያው «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለውን ተረት ይመዛል። እኔ ጥፋቱን ከሰውየው የቀድሞ ሥራ ሳይሆን ከወንበሩ አሠራር እፈልጋለሁ። የሹሙ እንጀራ ከሚሰበስበው ቀረጥ ከሆነ፣ መነኩሴም ብትሾሙ ሒሳቡ ይደባለቃል። ናይሮቢም ከዚህ ጥያቄ አላመለጠችም። ከማታቱ (ከሚኒባስ ታክሲ) ንግድ ተነሥተው በ2017 ገዥዋ የሆኑት ማይክ ሶንኮ በታኅሣሥ 2020 በሴኔቱ ውሳኔ ከሥልጣን ወረዱ፤ በዚያው ዓመት ቀደም ብሎ የከተማዋን ገቢ መሰብሰብ ለአገሪቱ የገቢዎች ባለሥልጣን ተሰጥቶ ነበር። ሰው ከመለወጥ በፊት ቦርሳውን የሚይዘው መሥሪያ ቤት ተለወጠ።

አፈወርቅን ግን ነጻ ላወጣቸው አልተነሣሁም። በ1932 ኢትዮጵያን ወክለው ሮም ሄዱ፤ ወረራው ሲመጣ ከጣሊያን ጎን ቆሙና «አፈ ቄሣር» ተባሉ። ከነጻነት በኋላ ወደ ጅማ ተግዘው በ1947 እዚያው ሞቱ። ይህን «የነጋዴ ጠባይ» የሚሉ አሉ። አልቀበለውም፤ በአድዋ ጦርነት ጊዜም ከጣሊያን ወገን ነበሩ፤ ያኔ ደግሞ ሠዓሊ እንጂ ነጋዴ አልነበሩም።

በዚያው የድሬዳዋ ወንበር ከሳቸው በፊት ከተቀመጡት አንዱ ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ ነበሩ። በልጅነታቸው ከምጽዋ በመርከብ ወጥተው በአውሮፓ የተማሩ፣ የባቡሩ ተቆጣጣሪ የነበሩ፣ በ1919 የሞቱ ሰው ናቸው። እሳቸው ከጥቅሉ ዋጋ አልፈው ሹም ደመወዝ እንዲቆረጥለት፣ የውስጥ ኬላ እንዲቀር፣ ግብር በገንዘብ እንዲወሰን ጻፉ፤ ጥሬ ዕቃ እየሸጠ የተሠራ ዕቃ የሚገዛ አገር ድካሙን በርካሽ እንደሚለውጥም አስረዱ። ይህ ስለ ንግድ ያሉት ሐሳብ የሚገኝበት «መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር» አዲስ አበባ ላይ የታተመው በ1924 ነው፤ ጸሐፊው ከሞቱ አምስት ዓመት ሆኗቸዋል፤ በድሬዳዋው ወንበር ላይ ያሉት አፈወርቅ ናቸው። በዚያም ዓመት ቆዳው በጥሬው ይወጣ፣ አቡጀዴው ተሸምኖ ይገባ ነበር።