ማንበቢያቸው የተቋረጠ የአማርኛ ገጾችንና ሰነዶችን በጥንቃቄ ስለ መክፈት
(በመሳለሚያ ለማኅበሩ አባላት የተደረገ ንግግር)



ዛሬ የማነሣው ጉዳይ በየመሥሪያ ቤታችን መሳቢያ ውስጥ ያለ ነው። የእድር መተዳደሪያ ደንብ፣ የሽርክና ውል፣ የመመረቂያ ጽሑፍ፣ የማኅበር መጽሔት በኮምፒዩተር ተጽፎ ተቀምጧል፤ የሚያነበው ሶፍትዌር ግን ተቋርጧል።

ኢንተርኔት በአገራችን ለሕዝብ አገልግሎት የዋለው በ1989 ዓ.ም. ነው። ፊደላችን ወደ ዩኒኮድ የገባው ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። ከዚያ በፊት 33ቱ ፊደላት ከነሰባት ቤታቸው፣ ማለትም 231 ቅርጾች፣ ለላቲን ፊደል በተመደበ ቦታ ላይ ተተክተው ይጻፉ ነበር። አንድ ፎንት የሚይዘው ቢበዛ 256 ቦታ ሲሆን፣ ከዚያም ከፊሉ ለኮምፒዩተሩ ትእዛዝ የተያዘ ስለ ነበረ፣ ፊደሉን ለበርካታ ፎንቶች ማከፋፈል ግድ ሆነ። አከፋፈሉም እንደ ሠሪው ይለያያል። ከዚህ የተነሣ ያ ፎንት በሌለበት ኮምፒዩተር የተከፈተ ሰነድ ትርጉም የለሽ የላቲን ምልክት ይሆናል።

ፍላሽ የተባለው ሶፍትዌር ለዚህ ችግር ማለፊያ ሰጥቶ ነበር። የፊደሉን ቅርጽ በፋይሉ ውስጥ ይዞ ሊጓዝ ስለሚችል፣ አንባቢው የአማርኛ ፎንት ባይኖረውም ገጹን ያይ ነበር። ይሁን እንጂ አዶቢ ኩባንያ ድጋፉን ታኅሣሥ 22 ቀን 2013 ዓ.ም. አቆመ፤ ከጥር 4 ቀን ጀምሮም ማጫወቻው የፍላሽ ይዘት እንዳይከፍት አገደ።

አደጋው የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ገጹን አጥብቆ የሚፈልግ ሰው አሮጌውን ማጫወቻ ከማይታወቅ ቦታ አምጥቶ በሥራ ኮምፒዩተሩ ላይ ይጭናል። ድጋፉ የተቋረጠ ሶፍትዌር ቀዳዳው ቢታወቅም የሚደፍንለት የለም፤ ከማይታወቅ እጅ የመጣው ደግሞ ምን ተጨምሮበት እንደ ደረሰ አይታወቅም። እዚህ መሳለሚያ ያለ የእህል ነጋዴ ነቀዝ የጠረጠረበትን ጆንያ ከጎተራው ውጭ ይፈታዋል እንጂ ከደህናው እህል ጋር አይቀላቅለውም። የእኛም ሥርዓት ይኸው ሊሆን ይገባል።

በመጀመሪያ፣ ዋናው ፋይል ሳይነካ ይቀመጥ፤ ሥራው በቅጂው ላይ ይሁን።

ሁለተኛ፣ የጠፋ ድረ ገጽ በኢንተርኔት አርካይቭ ይፈለግ። የፍላሽ ፋይል ሲሆን ረፍል የተባለውን ነጻ ሶፍትዌር መጠቀም ይቻላል። ረፍል የአዶቢን ማጫወቻ ሳይሻ፣ በብራውዘሩ የጥበቃ ክልል ውስጥ ሆኖ ፋይሉን ያነባል። ኢንተርኔት አርካይቭም ከኅዳር 2013 ዓ.ም. ጀምሮ በዚሁ ተጠቅሞ የፍላሽ ሥራዎችን ያሳያል። ሆኖም ረፍል በኋለኛው የፍላሽ ፕሮግራም ቋንቋ የተሠሩትን ሁሉ አሟልቶ አይከፍትም።

ሦስተኛ፣ በዚህ ያልተከፈተው በቨርቹዋል ማሽን፣ ይኸውም በኮምፒዩተሩ ውስጥ ተለይቶ እንደ ሌላ ኮምፒዩተር በሚሠራው ክፍል፣ ከኔትወርክ ተቋርጦ ይከፈት። የይለፍ ቃልም ሆነ የደንበኛ መዝገብ በዚያ አይግባ።

አራተኛ፣ በፓወር ግዕዝ ወይም በቪዥዋል ግዕዝ የተጻፈ ሰነድ ወደ ዩኒኮድ ከመለወጡ በፊት የፎንቱ ስም ይመዝገብ። አንዱ የቁጥር ኮድ በተለያዩ ፎንቶች የተለያየ ፊደል ስለሚሆን፣ ስሙ ከጠፋ ቁልፉ ጠፋ ማለት ነው። ከተለወጠም በኋላ በተለይ አኃዙና ሥርዓተ ነጥቡ ከታተመው ቅጂ ጋር ይመሳከር፤ በውል ላይ አንድ አኃዝ ቢዛነፍ የሰው ገንዘብ ይዛነፋል።

ውድ ባልደረቦቼ፣ እነዚህን ሰነዶች የጻፉ ብዙ ባለሙያዎች ዛሬም በመካከላችን አሉ። የትኛው ሰነድ በየትኛው ፎንት እንደ ተጻፈ እነርሱን ጠይቆ መመዝገብ ገንዘብ አይጠይቅም። ስለሆነም እያንዳንዱ አባል ይህን መዝገብ ከራሱ መሳቢያ እንዲጀምር በአክብሮት አሳስባለሁ።