ድመትና የጃፓን ልጃገረዶች
(በትምህርት ቤታችን በዓል ቀን የተደረገ ንግግር)



በዚህ ታላቅ ቀን እኛ የመጨረሻው ክፍል ተማሪዎች ስለ ድመት ልንናገር መነሣታችን ሳያስቅ አይቀርም። ነገሩ የመጣው ከክርክር ነው። አንዲት የክፍላችን ልጅ አፍ የሌላት ነጭ ድመት የተሣለችበት ቦርሳ ይዛ ብትመጣ «የሕፃን ዕቃ ነው» ብለን ሣቅንባት። እርስዋም «ታሪኳን ሳታውቁ አትሣቁ» አለችን። ስለዚህ መመርመር ጀመርን።

ድመቲቱ ሄሎ ኪቲ ትባላለች። በ1974 (ዓመቶቹን ሁሉ የምንጠራው በአውሮፓ አቈጣጠር ነው) ሳንሪዮ ለሚባለው የጃፓን ኩባንያ የሣለቻት ዩኮ ሺሚዙ የምትባል ሴት ናት። በ1980 ሥራውን የተረከበችውም ዩኮ ያማጉቺ ሴት ናት። አፍ ያልተሣለላት፣ የሚያያት ሰው ሲያዝን ያዘነች፣ ሲደሰትም የተደሰተች እንድትመስለው ነው ይላሉ። በ2014 ደግሞ ኩባንያው «ልጃገረድ ናት እንጂ ድመት አይደለችም» ብሎ ብዙ ሰው አስደነቀ። ግማሾቻችን ይህን ስንሰማ ይልቁን ተቈጣን፤ ልጃገረድ ከሆነች አፍ መንሣት ምን ይባላል?

ጃፓኖች እንዲህ ያለውን የሚያሳሳ ነገር «ካዋይ» ይሉታል። ይሁን እንጂ ድመት በአገራቸው የተወደደችው በመልክዋ ብቻ አይደለም። የሐር ትል የሚያረቡ ገበሬዎች ትሉን አይጥ እንዳይበላባቸው ድመት ይይዙ ነበር፤ አይጥ ያባርራል ብለውም የድመት ሥዕል ይሰቅሉ ነበር። በ1861 የሞተው ሠዓሊ ኡታጋዋ ኩኒዮሺ እንዲህ ያለ ሥዕል ሠርቷል። በ1842 መንግሥት የተዋንያንንና የጌሻዎችን ሥዕል በከለከለ ጊዜም ይኸው ብልህ ሰው ተዋንያኑን በድመት መልክ እየሣለ ሸጠ። እንግዲህ ለጥልፍ የሚሆነው የሐር ክር የድመት ውለታ አለበት ማለት ነው። ዛሬም ጠላፊዎች ከሸሚዝ ኪስ ብቅ ብላ የምታይ ድመት ይጠልፋሉ፤ ዓይንዋ ሲያዩት ሕይወት ያለው ይመስላል።

በሙዚቃ በኩል ግን ነገሩ ይመርራል። ሻሚሰን የሚባለው ባለሦስት ጅማት መሣሪያቸው እንደ መሰንቋችን ቆዳ የሚወጠርበት ሲሆን፣ ለጥሩው ሻሚሰን ይመረጥ የነበረው የድመት ቆዳ ነው። ዛሬ በፋብሪካ የተሠራ ቆዳም ይወጠርለታል። ሻሚሰን እየመቱ የሚዘፍኑትን ጌሻዎች ሕዝቡ «ኔኮ» ይላቸው ነበር፤ ድመት ማለት ነው። ስሙም የወጣላቸው ከዚሁ ቆዳ የተነሣ ነው ይባላል። ያወጡላቸው ሌሎች ናቸው፤ እነርሱን የጠየቀ የለም።

አሁን ደግሞ ዘፋኞቹና የልብስ ማስታወቂያ ሞዴሎቹ እጃቸውን እንደ ድመት መዳፍ አጥፈው ፎቶግራፍ ይነሣሉ። በ2005 የተቋቋመው የኤ.ኬ.ቢ. 48 ጓድ ዘፋኝና ሞዴል የነበረችው ሃሩና ኮጂማ «ኒያን ኒያን» በሚል ቅጽል ስም ታወቀች፤ ይህም እኛ «ሚያው» የምንለው ነው። በዚህ ላይ ክፍላችን ለሁለት ተከፈለ። አንዳንዶቻችን «ያው የጥንቱ ስም ነው፤ ዛሬም የሚሸጥበት ነጋዴ ነው» አልን። ሴቶቹ ግን «ስሙን ወድዳ ከያዘችው፣ ገንዘቡም ለእርስዋ ከገባ ልዩነት አለው» ብለው ተከራከሩን። ደወሉ እስኪደወል ድረስ አልተስማማንም፤ እስከ ዛሬም አልተስማማንም።

የቦርሳዋ ባለቤት እፊታችን ተቀምጣለች። በክርክሩ ከሁላችንም ይልቅ ብዙ የተናገረች እርስዋ ስለ ሆነች፣ የቀረውን ከርስዋ ልትጠይቁ ትችላላችሁ።